ምክንያት የተነፈገ ገዳይ፦ የ«ሃሎዊን» ፊልም የትረካ አንጻር

ልቦለድ በምናስተምርበት ክፍል ውስጥ ስለ አንድ ገጸ ባሕርይ ቀድሞ የሚነሣው ጥያቄ «ለምን አደረገው?» የሚል ነው። ድርጊቱ በቂ መንሥኤ ያልተበጀለት ገጸ ባሕርይ በወጉ እንዳልተቀረጸ ይቆጠራል፤ ደራሲው ምክንያትንና ውጤትን አላሰናሰለም፣ ታሪኩም ተአማኒነት ይጎድለዋል እንላለን። ይህ ጸሐፊም በተማሪዎች የፈተና ወረቀት ጠርዝ ላይ «መንሥኤው የታለ?» ብሎ በቀይ ቀለም የጻፈበት ጊዜ ጥቂት አይደለም። መለኪያውን የያዝነው ብዙውን ጊዜ ስለሚሠራ ነው። ሆኖም አንድ መለኪያ እስከ የት እንደሚያስኬድ የሚታወቀው እሺ ብለው በሚታዘዙለት ሥራዎች ሳይሆን በሚያስቸግሩት ነው። እዚህ የማነሣው ሥራ ከአስቸጋሪዎቹ አንዱ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1978 (የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) ጆን ካርፔንተር በአሜሪካ ያዘጋጀው «ሃሎዊን» የተሰኘው ፊልም።

ፊልም፣ ለዚያውም እንዲህ ያለ ፊልም፣ በሥነ ጽሑፍ መጽሔት ላይ ምን ይሠራል የሚል አንባቢ ይኖራል። ጥያቄው ተገቢ ነው። «ሃሎዊን» በእንግሊዝኛው «ስላሸር» ከሚባለው፣ ማለትም አንድ ነፍሰ ገዳይ ወጣቶችን እያሳደደ በስለት አንድ በአንድ ሲገድል ከሚያሳየው የአስፈሪ ፊልም ዘር የሚመደብ ነው። ይህ ዘር በብዙ ሐያስያን ዘንድ ክብር የለውም፤ አብዛኞቹ ሥራዎቹም ንቀቱ ይገባቸዋል። ስለዚህ ፊልም የምጽፈው የዘሩ ጠበቃ ለመሆን አይደለም። ማን ያያል፣ ማን ይተርካል፣ ማንስ ያውቃል የሚሉት የትረካ ጥያቄዎች በዚህ ሥራ ውስጥ ከብዙ ልቦለዶች ይልቅ ጎልተው ስለሚታዩ ነው።

ታሪኩ አጭር ነው። ሃሎዊን የሚባለው የአሜሪካ ልጆች ጥቅምት መጨረሻ ላይ ጭምብል አጥልቀው፣ እንደ ቡሄ ጨፋሪዎች ቤት ለቤት እየዞሩ፣ በሙልሙል ፋንታ ከረሜላ የሚጠይቁበት ምሽት ነው። በ1963 በዚሁ ምሽት፣ በኢሊኖይ ክፍለ ግዛት በምትገኝ ሃዶንፊልድ በተባለች የፈጠራ ከተማ ውስጥ፣ ማይክል ማየርስ የተባለ የስድስት ዓመት ልጅ ታላቅ እኅቱን በወጥ ቤት ቢላዋ ይገድላል። ከ15 ዓመት በኋላ ከታሰረበት የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል አምልጦ ወደ ከተማዪቱ ይመለሳል። ሎሪ ስትሮድ የተባለችውን ተማሪ ቀን ሙሉ ሲከታተል ይውልና ሌሊቱን ሁለቱን ጓደኞቿንና የአንደኛዋን ወዳጅ ይገድላል። ሎሪ ትተርፋለች። ሐኪሙ ዶክተር ሉሚስ ደርሶ ስድስት ጥይት ይተኩስበታል፤ ገዳዩ ከሰገነት ይወድቃል፤ ሐኪሙ ጎንበስ ብሎ ሲያይ ግን ሣሩ ላይ ሬሳ የለም።

ፊልሙ የተሠራው በ300 ሺህ ዶላር ገደማ፣ በሦስት ሳምንት አካባቢ ነው። ታሪኩ የመጸው ይሁን እንጂ ቀረጻው የተካሄደው በፀደይ፣ በካሊፎርኒያ ስለነበር፣ የረገፈ ለማስመሰል ቅጠል ቡናማ ቀለም እየተቀባ ይበተን፣ ትዕይንቱ ሲያልቅም ለሌላው ትዕይንት ተመልሶ ይለቀም ነበር። የገዳዩ ጭምብል «ስታር ትሬክ» በተባለው ተከታታይ ፊልም ካፒቴን ከርክን ሆኖ የተጫወተው የዊልያም ሻትነር ፊት ነው፤ በሁለት ዶላር ገደማ ከሱቅ ተገዝቶ፣ ነጭ ቀለም ተቀብቶ፣ የዓይኑ ቀዳዳ ሰፋ ተደርጎ የተዘጋጀ። ሙዚቃውን አዘጋጁ ራሱ ደረሰው። አምስት አምስት እየተቆጠረ የሚሄድ በመሆኑ፣ አራት ወይም ስድስት የለመደ ጆሮ የሚያርፍበት ቦታ ያጣል። ይህን ሁሉ የጠቀስኩት ለወሬ ያህል አይደለም። ገንዘብ ያጣ አዘጋጅ ማሳየት የማይችለውን መሸሸግ ይገደዳል፤ በዚህ ፊልም ውስጥ ደም እንኳ እጅግ ጥቂት ነው። ኋላ ላይ እሱን የተከተሉት ቢላዋውን ወሰዱ፤ መሸሸጉን ግን አልወሰዱም።

መክፈቻው ራሱን የቻለ ጥናት ይሻል። የመጀመሪያዎቹ አራት ደቂቃዎች ያህል በአንድ ትንፋሽ የተቀረጹ የሚመስሉ ናቸው፤ በጥንቃቄ የተሰወሩ ቁርጦች ግን አሉባቸው። ካሜራው ከጨለማ ውስጥ ወደ አንድ ቤት ይጠጋል። በመስኮት አንዲት ልጃገረድና ወዳጇ ሲላፉ ያያል፤ ወደ ላይኛው ፎቅ ሲወጡና መብራት ሲጠፋ ቀና ብሎ ይመለከታል። በጓሮ ዞሮ ይገባል። እጅ ወደ መሳቢያ ተዘርግቶ ቢላዋ ያነሣል። ወጣቱ እስኪሄድ ይጠብቃል፣ ደረጃውን ይወጣል፣ ወለል ላይ የወደቀ የቀልደኛ ጭምብል ያነሣና ያጠልቃል። ከዚያ በኋላ የምናየውን ሁሉ የምናየው በሁለት ክብ ቀዳዳዎች ነው። ልጅቱ ጠጉሯን ስታበጥር ዞር ትልና በስም ትጠራዋለች። እንግዲህ ከመሞቷ በፊት ስሙን ሰማን፤ ፊቱን ግን አላየንም። ቢላዋው ይወርዳል። ካሜራው ደረጃውን ወርዶ ደጅ ይወጣል፤ መኪና ይቆማል፤ ሁለት ሰዎች ይወርዳሉ፤ አንደኛው ጭምብሉን ይገፍፋል። በዚች ቅጽበት ነው ፊልሙ ለመጀመሪያ ጊዜ ከዓይኑ ወጥቶ የሚያሳየን፦ የቀልደኛ ልብስ የለበሰ፣ ደም የነካው ቢላዋ የያዘ ሕፃን። ካሜራው ወደ ኋላና ወደ ላይ እየሸሸ ልጁን በወላጆቹ መካከል ቆሞ ይተወዋል።

በሥነ ጽሑፍ ቋንቋ ብንናገር፣ ትረካው በአንደኛ መደብ ተጀምሮ በአንዲት ቅጽበት ወደ ሦስተኛ መደብ ተሻገረ ማለት ነው። ልዩነቱ ግን በልቦለድ ውስጥ «እኔ» የሚለው ተራኪ ከማየቱ ጋር ማሰቡን፣ መመኘቱን፣ መፍራቱን ጭምር ይሰጠናል፤ አንባቢም በዚያ በኩል ወደ ልቡ ይገባል። እዚህ የተሰጠን ዓይንና እጅ ብቻ ነው። ልብ የለም። አራት ደቂቃ ሙሉ በሰውዬው ውስጥ ኖረን ስለ ሰውዬው ያወቅነው አንዳች ነገር የለም፤ ሰውዬው ልጅ መሆኑን እንኳ አላወቅንም። የሚያስደነግጠው ግድያው አይደለም፤ እኛው ተሸክመነው የሄድነውን ሰው አለማወቃችን ነው። (በቀረጻው ላይ የሚታየው እጅ የፊልሙ ተባባሪ ደራሲና ፕሮዲውሰር የደብራ ሂል እጅ መሆኑ ይነገራል። እህትን የገደለው የልጅ እጅ የሴት እጅ ነበር ማለት ነው፤ ተመልካቹ ስለሚያየው ነገር ምን ያህል ሊታለል እንደሚችል ከዚህ የተሻለ ማስረጃ አያሻም።)

አንጻር ብቻውን ትርጉም እንደሌለው ለማሳየት አንድ ነገር ልጨምር። የ«ሃሎዊን»ን ወጪ የሸፈነው ሶርያ ተወላጁ ሙስጠፋ አቃድ ነው። እሱ ራሱ ጥቂት ዓመታት ቀደም ብሎ ስለ እስልምና አጀማመር «ዘ ሜሴጅ» የተባለውን ፊልም አዘጋጅቶ ነበር፤ የመጀመሪያዎቹ ሙስሊሞች ወደ ሐበሻ መሰደዳቸውንና ነጃሺ እንደተቀበላቸው የሚያሳየው ትዕይንት ለእኛ አንባቢያን እንግዳ አይሆንም። በዚያ ፊልም ነቢዩ በአክብሮት ምክንያት ስለማይታዩ፣ አንዳንድ ጊዜ ሰዎች በቀጥታ ወደ ካሜራው እየተመለከቱ ይናገራሉ። ሁለቱን ሥራዎች በምንም መልኩ ማወዳደሬ አይደለም፤ አንዱ በሌላው ላይ ተጽዕኖ አሳድሯል ማለቴም አይደለም። አለማሳየት በአንድ ቦታ የአክብሮት፣ በሌላ ቦታ የሽብር ስልት ሊሆን እንደሚችል፣ «አንደኛ መደብ ተመልካችን ያቀርባል» የሚለው የተለመደ አነጋገራችንም በራሱ በቂ እንዳልሆነ ለማሳየት ብቻ ነው።

ከመክፈቻው በኋላ ካሜራው ወደ ማይክል ዓይን እምብዛም አይመለስም። ከትከሻው ኋላ ይቆማል፤ ትንፋሹን እንሰማለን፤ ሎሪ ከባዶው የማየርስ ቤት ደጃፍ ቁልፍ ጥላ ስትሄድ ከውስጥ ሆኖ የሚያያት ጥቁር ጥላ ጎን እንቆማለን። «እኔ» የነበረው «እሱ» ሆነ። በፊልሙ መጨረሻ በሚወጣው የተዋንያን ዝርዝር ላይ ደግሞ ጭምብል ለባሹን የተጫወተው ኒክ ካስል ከፊቱ የተጻፈለት የማይክል ስም አይደለም፤ «ቅርጹ» እንደማለት ያለ ቃል ነው። ከ«እኔ» ወደ «እሱ»፣ ከ«እሱ» ወደ ስም አልባ ቅርጽ።

ለአማርኛ ተናጋሪ ደግሞ እዚህ ላይ የሚያስቸግር ነገር አለ። ዶክተር ሉሚስ ከነርሷ ጋር በመኪና ወደ ሆስፒታሉ ሲሄድ ስለ ታካሚው የሚናገረው በእንግሊዝኛ ለዕቃና ለእንስሳ በሚያገለግለው ተውላጠ ስም ነው። ነርሷ ይህ አይከነክንህም ወይ፣ እንደ ሰው ብትጠራው አይሻልም ወይ ትለዋለች፤ እሱም ካልሽ ይሁን ይላል። ይህን ወደ አማርኛ መልሱልኝ ብላችሁ ተማሪ ብታዙ ወዲያው ይቸገራል። አማርኛ ግዑዝን ከሰው የሚለይ ተውላጠ ስም የለውም፤ ሰውም ድንጋይም «እሱ» ነው። ተርጓሚው «ያ ነገር» ካላለ የነርሷ ተቃውሞ ትርጉም ያጣል፤ «ያ ነገር» ካለ ደግሞ እንግሊዝኛው በአንዲት ፊደል በምታህል ቃል ሹክ ያለውን እሱ ጮኾ ይናገራል። ልዩነቱ ቀላል አይደለም። ሙሉ ፊልሙ የተንጠለጠለው በዚህች ቃል ላይ ነው፦ የተፈታው ሰው ነው ወይስ ነገር? ሐኪሙ አንዱን መርጧል፤ ነርሷ ሌላውን። ፊልሙ ከማን ወገን እንደሆነ ወደ ኋላ እመለስበታለሁ።

አባዜውን በተመለከተ ፊልሙ የሚያደርገው አንድ ብልህ ነገር አለ። የማይክል አባዜ ከየት እንደመጣ አይነግረንም፤ ምን እንደሚመስል ግን በድግግሞሽ ያሳየናል። ያው ምሽት፣ ያው ከተማ፣ ያው ዓይነት ቢላዋ፣ ያው ዓይነት ልጃገረድ። የእኅቱን የመቃብር ድንጋይ ከመካነ መቃብሩ ነቅሎ አምጥቶ አኒ የተባለችውን የሎሪ ጓደኛ ገድሎ ካጋደመበት አልጋ ራስጌ ያቆመዋል። ይህ ሰው ከ15 ዓመት በፊት የነበረውን ሌሊት እንደገና እየሠራው ነው፤ ልክ አንድ ደራሲ ያላረካውን ረቂቅ መላልሶ እንደሚጽፍ። ለምን? አናውቅም። ሐኪሙም አያውቅም። ስምንት ዓመት ሊደርስበት እንደሞከረ፣ ሰባት ዓመት ደግሞ እንዳይፈታ እንደተሟገተ ይናገራል፤ በልጁ ዓይን ኋላ ያገኘው ክፋት ብቻ እንደነበረ ይናገራል። ይህ ግን ማብራሪያ አይደለም፤ ማብራሪያ መተው ነው።

ከዚህ ጋር ሊነጻጸር የሚገባው የአልፍሬድ ሂችኮክ «ሳይኮ» (1960) ነው። ካርፔንተር ዝምድናውን አልደበቀም፦ ሉሚስ የሚለውን ስም የወሰደው ከዚያ ፊልም ነው፤ ሎሪን የምትጫወተው ጄሚ ሊ ከርቲስም በ«ሳይኮ» መታጠቢያ ቤት ውስጥ የምትገደለውን ሴት የተጫወተችው የጃኔት ሊ ልጅ ናት። «ሳይኮ» ሲያልቅ አንድ የአእምሮ ሐኪም ተነሥቶ ገዳዩ ለምን እንደገደለ፣ ከእናቱ ጋር የነበረውን ግንኙነት እየዘረዘረ ያስረዳል። ብዙ ተመልካቾች ያንን ንግግር የፊልሙ ደካማ ክፍል አድርገው ያዩታል፤ እኔም ከእነሱ ወገን ነኝ። ካርፔንተር ሐኪሙን አስቀረው፤ ማብራሪያውን ግን ወሰደበት። ሐኪም አለ፣ ምርመራ የለም።

መለኪያችን እንግዲህ ምን ይላል? «መንሥኤው የታለ?» ብለን ብናሰምርበት ተሳስተናል ብዬ አምናለሁ፤ ምክንያቱም በዚህ ሥራ ውስጥ የመንሥኤው መጥፋት ጉድለት ሳይሆን የታሪኩ ጉዳይ ነው። በተረቶቻችን ውስጥ አያ ጅቦ የሚበላው ስለሚራብ ነው። አህያዋን አታልሎ የሚበላት ቢሆንም ምን እንደሚፈልግ እናውቃለን፤ ምን እንደሚፈልግ የምናውቀውን ደግሞ ማታለል፣ መሸሽ፣ አንዳንዴም መሳቅ ይቻለናል። ማይክል ምንም አይፈልግም። አይናገርም፣ አይሮጥም። የገደለውን ወጣት ግድግዳ ላይ ሰክቶ አንገቱን ወዲህና ወዲያ ዘንበል እያደረገ ሲያየው፣ ከድርጊቱ ያገኘው ነገር ቢኖር ያ ማየት ብቻ ይመስላል።

ከሁሉ የተሻለው ማስረጃ የመጣው ከራሳቸው ከባለቤቶቹ ነው። በ1981 የወጣው ሁለተኛው ክፍል በካርፔንተርና በሂል የተጻፈ ነው (ያዘጋጀው ሌላ ሰው ነው)። በዚያ ፊልም ሎሪ የማይክል ታናሽ እኅት መሆኗ፣ በሕፃንነቷ ለሌላ ቤተሰብ መሰጠቷ ይነገረናል። መንሥኤ ተገኘ! ቤተሰቡን ሊጨርስ ነው የመጣው። ነገር ግን ይህን ካወቁ በኋላ የመጀመሪያውን ፊልም መልሶ ማየት ሀዘን ነው። ሎሪ ቁልፍ ልታስቀምጥ ከደጁ ስለደረሰች ብቻ የገዳዩ ዕጣ የሆነች ልጅ መሆኗ ቀርቶ፣ የዘር ሐረግ ተቆጥሮላት የምትታደን ዘመድ ሆነች። ድንገተኛነቱ ጠፋ፤ ከድንገተኛነቱም ጋር ሽብሩ። በ2007 የተሠራው አዲስ ቅጂ ደግሞ የገዳዩን አስከፊ ልጅነት በሰፊው ዘረዘረ። በ2018 የወጣው ፊልም ግን የእኅትነቱን ታሪክ ሰዎች የፈጠሩት ወሬ ነው አስብሎ በአንዲት ገጸ ባሕርይ አፍ ሰረዘው። አርባ ዓመት ሙሉ መንሥኤ ሲሰጥና ሲነጠቅ የኖረ ገጸ ባሕርይ በሥነ ጽሑፍም ቢሆን ብዙ አይገኝም።

ተቃራኒው መንገድስ? በ1980 የዊልያም ለስቲግ «ማኒያክ» ወጣ፤ እሱም በጥቂት ገንዘብ በኒው ዮርክ የተሠራ፣ ከእናቱ ጋር በተያያዘ አባዜ የተያዘ ገዳይ ታሪክ ነው። እዚያ ከገዳዩ ጋር ክፍሉ ውስጥ እንቀመጣለን፤ ሲያጉረመርም እንሰማለን፤ የእናቱን በደል እናውቃለን። በ2012 እንደገና ሲሠራ ደግሞ ከሞላ ጎደል ሙሉ ፊልሙ በገዳዩ ዓይን ተቀረጸ፤ ፊቱን የምናየው በአብዛኛው መስተዋት ፊት ሲቆም ነው። ውጤቱ ያልጠበቅሁት ነበር፦ ከጥቂት ጊዜ በኋላ ዓይኑን ለመድኩት። ለአራት ደቂቃ የሚያስደነግጠው አንደኛ መደብ ለአንድ ሰዓት ተኩል ሲሆን የቤት ልብስ ይሆናል። ካርፔንተር ሰጥቶ መንሳቱ ልክ ነበር።

የዚህ ዘር ዋነኛ ክስ እዚህ ላይ ይነሣል። በ1980 ጂን ሲስክልና ሮጀር ኢበርት የተባሉት አሜሪካውያን ሐያስያን በቴሌቪዥን ፕሮግራማቸው ላይ፣ ተመልካቹን በገዳዩ ዓይን ውስጥ እያስቀመጡ ሴቶች ሲሳደዱ የሚያሳዩትን ፊልሞች አጥብቀው አወገዙ፤ «ሃሎዊን»ን ግን ለይተው አወደሱ። ልዩነቱን ካሮል ክሎቨር በ1987 ባሳተመችው ጥናትና በ1992 መጽሐፏ በጥልቀት ተንትናዋለች፦ በእንዲህ ያሉ ፊልሞች ውስጥ አንጻሩ ከገዳዩ ጀምሮ ቀስ በቀስ ወደምትተርፈው ልጅ ይሻገራል። በ«ሃሎዊን» ይህ በግልጽ ይታያል። መጀመሪያ ከጭምብሉ ቀዳዳ ሆነን ወደ ውጭ እናያለን፤ መጨረሻ አካባቢ ሎሪ ቁም ሣጥን ውስጥ ስትደበቅ እኛም ከእሷ ጋር ውስጥ ነን፤ ገዳዩ የሚታየን በበሩ ርብራብ መካከል በሚገባው ብርሃን ነው። የመጀመሪያውን ቀዳዳ ያልዘነጋ ተመልካች ሁለተኛውን ሲያይ ምን እንደተለወጠ ያውቃል።

ሎሪ ለምን ተረፈች የሚለው ግን ብዙ ጊዜ በተሳሳተ መንገድ ይመለሳል። ጓደኞቿ ወንድ ስላወቁ ሞቱ፣ እሷ ድንግል ስለሆነች ዳነች፤ ፊልሙ ስብከት ነው ይባላል። ይህ ንባብ መነሻ የለውም አልልም፤ የሚሞቱት በእርግጥም ከፍቅር ጨዋታ በኋላ ወይም ወደዚያው ሲሄዱ ነው። ነገር ግን ፊልሙን ልብ ብሎ ላየ ሎሪን ከሌሎቹ የሚለያት መጨዋቷ ሳይሆን ማየቷ ነው። በትምህርት ክፍሏ መስኮት ከመኪና አጠገብ የቆመውን ሰው ያየችው እሷ ናት። ከአጥሩ ቁጥቋጦ አጠገብ ያየችው እሷ ናት፤ አኒ ሄዳ ስታይ ግን ማንም የለም። በተሰጣው አንሶላ መካከል ቆሞ ያየችው እሷ ናት። ሌሎቹ አያዩም፤ ቢያዩም አያነቡም። ለእኛ ሙያ የሚስማማ ቃል እንጠቀም ከተባለ፣ ሎሪ በፊልሙ ውስጥ ያለች አንባቢ ናት። ያች የመስኮት ትዕይንት እየተካሄደች ሳለ መምህርቷ በሁለት ደራስያን ሥራ ውስጥ ዕጣ ፈንታ እንዴት እንደቀረበ ትጠይቃለች፤ ሎሪ ከመስኮቱ ዓይኗን ነቅላ፣ አንደኛው ዕጣ ፈንታን ከሃይማኖት ጋር ሲያያይዘው ሌላኛው እንደ ምድር፣ እንደ አየር፣ እንደ እሳትና እንደ ውኃ እንደሚያየው ትመልሳለች። ንግሩ ጎላ ያለ ነው፤ ምናልባትም ከሚገባው በላይ። ጥያቄውን በትክክል የመለሰችው ግን ያንን ሰው እያየች ነው።

እርግጥ ይችው አንባቢ ገዳዩን በሹራብ መሥሪያ መርፌ ወግታ ስትጥለው ቢላዋውን አንሥታ መልሳ ትጥለዋለች፤ ሁለተኛም እንዲሁ ታደርጋለች። ይህ ደካማ አጻጻፍ ነው። ልብ ሰቀላውን ለማራዘም ብልህ ገጸ ባሕርይን ሞኝ ማድረግ ከማናቸውም ልቦለድ ጸሐፊ አንቀበለውም፤ ከካርፔንተርም መቀበል የለብንም።

ከሁሉም ትዕይንቶች የእኔን ልብ የሚወጋው ግን ቢላዋ የሌለበት ነው። ሎሪ የጓደኞቿን ሬሳ አይታ፣ ክንዷ ቆስሎ፣ እየጮኸች ከቤቱ ትወጣለች። አንድ ጎረቤት በር ደርሳ ትደበድባለች፤ እርዱኝ ትላለች። የበረንዳው መብራት ይበራል። አንድ ሰው መጋረጃውን ገለጥ አድርጎ ያያታል። መብራቱ ይጠፋል። በቃ። ኡኡታ ተሰምቶ የማይወጣ ጎረቤት ለእኛ ተመልካች ከጭምብሉ ይልቅ እንግዳ ነው፤ በባህላችን ጩኸት ሰምቶ ቤቱ የቀረ ሰው በማግስቱ ምን እንደሚባል እናውቃለን። ነገር ግን ችኩል ፍርድ እንዳንሰጥ ፊልሙ ራሱ ምክንያት አስቀምጧል። ዕለቱ ሃሎዊን ነው፤ ሲያስፈራሩና ሲጮኹ ማምሸት የተፈቀደበት ሌሊት። በጨዋታ ሌሊት እውነተኛ ጩኸት ምልክቱን ያጣል፤ ያችን ሴት ያየው ሰው ያነበበው ቀልድ ነው። መቼት በታሪክ ውስጥ ጌጥ ሳይሆን ኃይል ሊሆን እንደሚችል ለተማሪ ለማስረዳት ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አላውቅም። እንዲሁም ልብ በሉ፦ ለገዳዩ መንሥኤ የነፈገው ፊልም ለጎረቤቱ ሰጥቶታል።

አሁን ወደ ሐኪሙና ወደ ነርሷ ልመለስ፤ ምክንያቱም በፊልሙ ላይ ያለኝ ትልቁ ቅሬታ እዚያ ነው። ማይክል ሲገባ የስድስት ዓመት ልጅ ነበር። ሐኪሙ ክፉ ነው፣ ሰው አይደለም ይላል፤ ፊልሙም በስድስት ጥይት የማይሞት አድርጎ ሐኪሙን እውነተኛ ያደርገዋል። ነርሷ ተሸነፈች። በታሪኩ ዓለም ውስጥ ይህ ይሠራል፤ ከታሪኩ ስንወጣ ግን የሚቀረው ምስል የአእምሮ ሕመምተኛ ማለት የሚያመልጥ አውሬ ነው የሚል ነው። በብዙ አገር፣ የእኛም ሳይቀር፣ እንዲህ ያለውን ሕመምተኛ ሰንሰለት ያሰሩ ሰዎች የተናገሩት ከዶክተር ሉሚስ የተለየ አልነበረም። ለፊልሙ መከራከሪያ የሚሆነው፣ ይህን የሚናገረው አንድ የደከመ፣ ተስፋ የቆረጠ፣ ሽጉጥ የታጠቀ ሐኪም መሆኑ ነው፤ ዶናልድ ፕሌዘንስም በሚንቀጠቀጥ ድምፁ ሐኪሙ ራሱ ጤነኛ ስለመሆኑ እንድንጠራጠር ያደርጋል። ሆኖም ጥርጣሬው ፍሬ አያፈራም። መንሥኤን መንፈግ የሥነ ጥበብ ስልት መሆኑን ስቀበል፣ አንድ ሕፃን ሲነፈገው ሌላ ነገር እንደሚሆን መርሳት አልችልም። ሁለቱን የሚያስታርቅ መልስ አላገኘሁም።

ትንሹ ቶሚ፣ ሎሪ የምትጠብቀው ልጅ፣ ምሽቱን ሙሉ ስለ አንድ ነገር ይጠይቃታል፤ በአማርኛ ስንመልሰው «ጭራቅ» የምንለው። እሷ ጭራቅ የሚባል ነገር የለም እያለች ታባብለዋለች፣ ልጁ ግን ከመንገዱ ማዶ ሬሳ ተሸክሞ የሚሄደውን አይቷል። በመጨረሻ ሎሪ ራሷ ግድግዳ ተደግፋ እያለቀሰች፣ ጭራቁ ነበር ትላለች፤ ሐኪሙም በእርግጥ እሱ ነበር ይላል። ዓዋቂዎቹ የሕፃኑን ቃል ተቀበሉ። የተማረው ሰው ያለው የመጨረሻ ማብራሪያ ልጆች ቀድመው የነበራቸው ቃል ሆነ።

ከዚያ ሐኪሙ ወደ ሰገነቱ ይሄዳል፤ ታች ማንም የለም። ፊቱ ላይ ግርምት አይታይም። ሙዚቃው ይነሣል፣ ፊልሙም ቀድሞ ያየናቸውን ቦታዎች አንድ በአንድ ያሳየናል፦ ባዶ ሳሎን፣ ባዶ ደረጃ፣ የጨለመ ቤት ከውጭ፣ ሌላ ቤት፣ በመጨረሻም የማየርስ ቤት። በእነዚህ ቀረጻዎች ውስጥ ማንም የለም። ትንፋሽ ግን ይሰማል፣ ከቦታ ቦታም እየጠነከረ ይሄዳል። በእነማን አንጻር ነው የምናያቸው? በመክፈቻው ዓይኑ የማን እንደሆነ ሳናውቅ እጁን አይተን ነበር፤ እዚህ እጅ የለም፣ ጭምብል የለም፣ ቢላዋ የለም፤ የቤቶቹ ዝምታና የሚተነፍሰው ብቻ ነው ያለው።